አራተኛ ፎቅ፣ ስቱዲዮ፣ አሮጌ ብሎክ፦ ከመከራየታችሁ በፊት

ደላላ ቀድሞ የሚያሳየው ቤቱን ነው። ቀለም ተቀብቷል፣ ወለሉ ታጥቧል፣ በረንዳው ላይ ሲቆሙ ከተማው ቁልጭ ብሎ ይታያል፤ ኪራዩም ከታችኞቹ ፎቆች ቀነስ ያለ ነው። ሰው በዚህ ይረታና ቀብድ ይከፍላል። አሮጌ ኮንዶሚኒየም ላይ ግን ኑሮውን የሚወስነው ከበሩ ውጪ ያለው ነው፦ ውሃው በስንት ሰዓት እስከ ስንተኛ ፎቅ እንደሚወጣ፣ የፍሳሽ መስመሩ የት ጋ እንደሚደፈን፣ አሸንዳው መቼ እንደተጠረገ፣ የብሎኩ ኮሚቴ መዋጮ ይሰበስብ እንደሆነ። ስለዚህ እዚህ የምገመግመው ብሎኩን ነው።

የማወራው ዛሬ 20/80 (20 በመቶ ከገዢው፣ 80 በመቶ ከባንክ ብድር) ተብለው ስለሚቆጠሩት፣ በመጀመሪያዎቹ ዙሮች በዕጣ ስለተላለፉት፣ ሊፍት ስለሌላቸው የአዲስ አበባ ባለ አራት ፎቅ ብሎኮች ነው። የከተማው ሰው በ1997 ዓ.ም ተመዝግቦ የጠበቃቸው ማለት ነው። በመነሻው ዲዛይን ስቱዲዮ እስከ 20 ካሬ ሜትር፣ ባለ አንድ መኝታ ደግሞ ከ20 እስከ 30 ካሬ ሜትር ነበር። ዕጣ ከወጣለት ሰው ብዙው የባንኩን ወርሃዊ ዕዳ መሸከም ስላቃተው ቤቱን አከራይቶ ራሱ ረከስ ያለ ቦታ ፈልጎ ገባ። ዛሬ በነዚህ ቤቶች ውስጥ የሚኖረው በአብዛኛው ተከራይ ነው፤ በስቱዲዮዎቹ ደግሞ ተከራይ ብቻ ሳይሆን ደባል ነው፤ ሦስት አራት ሆኖ ኪራይ የሚካፈል የቀን ሠራተኛ፣ አስተናጋጅ፣ ጥበቃ፣ ልጆቿን ይዛ አንድ ክፍል የያዘች እናት።

ሕንፃዎቹ ለምን ቶሎ አረጁ ለሚለው ሰው ሁሉ ግንባታውን ይወቅሳል። ግንባታው የራሱ ድርሻ አለው። ዋናው ምክንያት ግን ሌላ ይመስለኛል። የጋራ ሕንፃ ቤት አዋጅ ቁጥር 370/1995 ጣሪያውን፣ ደረጃውን፣ የጋራ ቱቦውን የባለቤቶች ሁሉ የጋራ ንብረት አድርጎ፣ ማኅበር አቋቁመው በመዋጮ እንዲያስጠግኑት ያዛል። ባለቤቱ ግን እዚያ አይኖርም፤ የማይጠቀምበትን ደረጃ ለማሳደስ እጁ አይፈታም። ተከራዩ ደግሞ ነገ ለሚለቀው ቤት ጣሪያ ለምን ልክፈል ይላል፤ ይህም ልክ ነው። በሁለቱ መካከል አሸንዳው በቅጠል ይሞላል፣ ማንሆሉ ክዳን ያጣል፣ የኮሪደሩ አምፖል እንደተቃጠለ ዓመቱን ይደፍናል።

ውሃ

ከሁሉ በፊት የሚጠየቀው ውሃ ነው። በፈረቃ የሚመጣ ውሃ ሁሉም ፎቅ ላይ እኩል አይደርስም፤ ሒሳቡም ቀላል ነው። ውሃን 10 ሜትር ሽቅብ ለመግፋት 1 ባር ግፊት ይጠይቃል። የአራተኛ ፎቅ ቧንቧ ከመሬት 13 ሜትር ገደማ ላይ ነው። መንገድ ላይ ያለው መስመር 1 ባር ብቻ ካለው ውሃው ሦስተኛ ፎቅ ደጃፍ ላይ ይቆማል፤ በዚያ ላይ ታች ያሉት ሁሉ ቧንቧቸውን ከፍተው ከሆነ ሁለተኛውም አይደርስም። ግፊቱ የሚነሳው ከተማው ሲተኛ ነው። ለዚህ ነው የአራተኛ ፎቅ ሰው ውሃ የሚቀዳው ከሌሊቱ 7 እና 8 ሰዓት ላይ የሆነው።

ያች ሌሊት ድምጿ ቀድሞ ይሰማል። ክፍት የተተወው ቧንቧ መጀመሪያ አየር ይተነፍሳል፣ ያስላል፣ ዝገት ያዘለ ቡናማ ውሃ ጥቂት ይተፋል፣ ከዚያ ቀጭን ክር ይሆናል። በየበሩ ሥር መብራት ይበራል። በዚያ ክር 20 ሊትር ጀሪካን ለመሙላት ሩብ ሰዓት ይፈጃል፤ አራት ሰዓት ሙሉ ቢወርድ 16 ጀሪካን፣ ማለትም 320 ሊትር ነው። እንቅልፍ እንዳያታልላቸው ብዙዎች ቧንቧው ሥር ባዶ የቆርቆሮ ሳህን ይደፋሉ፤ ጠብታው ሳህኑን ሲመታ ይነቃሉ። ይህ ቧንቧ ከፍቶ በርሜል ደግኖ ከመተኛት እጅግ የተሻለ ነው፤ በርሜል ሞልቶ የፈሰሰበት ሌሊት የታች ጎረቤት ኮርኒስና ፍራሽ አብሮ ይጠፋል፣ ካሳውም ከወር ኪራይ ሊበልጥ ይችላል። በርሜሉ የሚቀመጠው ወለሉ ላይ የፍሳሽ ቀዳዳ ባለበት ሻወር ቤት ውስጥ ነው። ቀዳዳው ክፍት መሆኑን ደግሞ በየጊዜው አንድ ባልዲ አፍስሳችሁ ሞክሩ። የመጀመሪያውን ሁለት ሦስት ሊትር ቡናማ ውሃ ለሽንት ቤት ለዩት።

ስንት ውሃ ማጠራቀም ያስፈልጋል? አራት ሰው በቀን በነፍስ ወከፍ 20 ሊትር ቢበቃው፣ ይህም በጣም በመቆጠብ ነው፣ ለሳምንት 560 ሊትር ይሆናል። 28 ጀሪካን ወይም ወደ ሦስት የሚጠጋ ባለ 200 ሊትር በርሜል ማለት ነው። የሳምንቱ ፈረቃ ከቀረ ያው ውሃ በደረጃ ይወጣል። በአንድ ፎቅ 17 እና 18 ደረጃ ስለሚኖር አራተኛው ድረስ 70 ገደማ ደረጃ ነው፤ እያንዳንዱ ጀሪካን 20 ኪሎ። ውሃ የሚያወጡ ልጆች ዋጋቸውን በፎቅ ስለሚቆጥሩ፣ አራተኛ ፎቅ ላይ ከኪራዩ የቀነሰላችሁ ገንዘብ በክረምትም በበጋም በጀሪካን ተመልሶ ይወጣል። ኪራዩን ስታወዳድሩ ይህን ጨምራችሁ አወዳድሩ፤ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ትንሽ ጨምሮ መከራየት በዓመቱ መጨረሻ ብዙ ጊዜ ይረክሳል።

የበርሜል አቀማመጥ ላይ ሰው ይዘናጋል። ለመኖሪያ ወለል በካሬ ሜትር የሚታሰበው ጭነት 200 ኪሎ ገደማ ነው። ሙሉ በርሜል ከ200 ኪሎ በላይ ሆኖ የሚያርፈው ሩብ ካሬ ሜትር ላይ ነው። አንዱ ችግር አያመጣም፤ ሦስት በርሜል በረንዳ ጫፍ ላይ ጎን ለጎን መደርደር ግን፣ በተለይ በረንዳው ሥር ልስኑ ረግፎ ፌሮው ዝጎ ከታየ፣ መደረግ የለበትም። ውስጥ አስገብታችሁ በኮለኖቹ አጠገብ፣ ግድግዳ ተጠግተው፣ ተራርቀው ይቀመጡ።

ሮቶ ያለው ብሎክ ከሌለው ይሻላል፤ ግን ሮቶ መኖሩ ብቻ አይበቃም። 20 አባወራ ያለበት ብሎክ 2,000 ሊትር ሮቶ ቢኖረው ለአንድ ቤት 100 ሊትር፣ አምስት ጀሪካን ነው። ታች የተቀመጠ ሮቶ ውሃ ለማውጣት ፓምፕ ይፈልጋል፤ ፓምፑ የሚበላሸው ደግሞ ብዙ ጊዜ በአንድ ምክንያት ነው፤ ሮቶው ባዶ ሆኖ ሞተሩ በደረቁ ሲሽከረከር ማኅተሙ ይቃጠላል። ውሃው ሲያልቅ ሞተሩን የሚያጠፋ ተንሳፋፊ ማብሪያ ዋጋው ከአዲስ ፓምፕ ጋር አይወዳደርም። ሌላው ጣጣ መብራቱ ነው፤ ፓምፑ የሚሠራው በኮሪደሩ የጋራ ቆጣሪ ከሆነ፣ የዚያን ቆጣሪ ሒሳብ ማን እንደሚከፍል ጠይቁ። መልሱ ከተምታታ ፓምፑ አንድ ቀን ይቆማል።

ከታች ፎቅ አንድ ቤት ፓምፑን በቀጥታ ከመንገዱ መስመር ላይ ከገጠመ ላይ ያሉት ሁሉ ይደርቃሉ። ጉዳቱ ከዚያም ያልፋል፤ ፓምፑ መስመሩን ሲስብ ቧንቧው ውስጥ ግፊቱ ይጠፋና በላላ መጋጠሚያ በኩል ከውጪ ቆሻሻ ውሃ ይገባል። የፍሳሽ ማንሆል አጠገብ በሚያልፍ መስመር ላይ ይህ የልጆች ተቅማጥ ማለት ነው። ኮሚቴው በቀጥታ መሳብን የሚከለክል ብሎክ እንደ ትልቅ ነጥብ ይያዝለት።

ሮቶ በዓመት ሁለት ጊዜ ይታጠባል፤ አንዱ ክረምት ሳይገባ፣ ሌላው ክረምት ሲወጣ። ባዶ አድርጎ ዝቃጩን መጥረግ፣ ግድግዳውን በብሩሽ መፈተግ፣ ከዚያ ሞልቶ ለ1,000 ሊትር 1 ሊትር 5 በመቶ የሆነ ሽቶ የሌለው በረኪና መጨመር፤ የየቤቱን ቧንቧ የበረኪናው ሽታ እስኪደርስ ከፍቶ መዝጋት፤ 12 ሰዓት ማሳደር፤ በመጨረሻ ሁሉንም አፍስሶ በንጹሕ ውሃ ማለቅለቅ። በዚያች ሌሊት ከቧንቧው ማንም እንዳይጠጣ በየበሩ መንገር ያስፈልጋል። ክዳኑ የተሰነጠቀ ሮቶ ብርሃን ስለሚያስገባ ውስጡ አረንጓዴ ያበቅላል፤ ክዳን ሳይገዙ ማጠብ ልፋት ነው። የሚጠጣው ውሃ እንዲያም ሆኖ ይፈላ፤ ካልሆነ ከመድኃኒት ቤት በሚገዛ ማከሚያ፣ በመለያው ላይ በተጻፈው መጠን ይታከም።

ፍሳሽ

ውሃ ላይ የተቆጠበው ፍሳሽ ላይ ይወጣል። ሽንት ቤት በአንድ ጊዜ ከ6 እስከ 9 ሊትር ታስቦ የተሠራ ነው፤ ውሃ በጀሪካን የሚሸከም ሰው ግን በአንድ ጆግ ይለቅቀዋል። ቆሻሻው ቀጥ ባለው ቱቦ ይወርዳል፤ ከታች አግድም በተኛው ቱቦ ውስጥ ሲደርስ የሚገፋው ውሃ ያጣና ይቀመጣል። በላዩ የእቃ ማጠቢያው አመድና አሸዋ፣ ከቡሃቃ የታጠበ ሊጥ፣ የቡና አተላ፣ ዘይት፣ ለመጥረጊያ የዋለ ጋዜጣ፣ የልጅ ዳይፐር ይከመራል። ስለዚህ የሚደፈነው ብዙ ጊዜ አንድ ቦታ ነው፤ ከሕንፃው ሥር ወጥቶ እስከ መጀመሪያው ማንሆል ባለው ርቀት። የሚጎዳው ደግሞ ከሁሉ ያነሰ ጥፋት ያለበት ነው፤ የግራውንድ ቤት ነዋሪ። ከላይ አራት ቤት የለቀቀው በእሷ ሽንት ቤት አፍ ይወጣል።

መከላከያው ርካሽ ነው። የልብስ ማጠቢያውን ውሃ አጠራቅማችሁ፣ በቀን አንዴ 10 ሊትሩን በአንድ ጊዜ፣ ከፍ አድርጋችሁ ድፉት። አሥር ጊዜ በጆግ ከመልቀቅ ይልቅ ይህ አንዱ ድፊት መስመሩን ይጠርጋል። ሊጥና አተላ ወደ ላቫንዲኑ ሳይሆን ወደ ቆሻሻ ከረጢት ይግባ፤ የእቃ ማጠቢያው ቀዳዳ ላይ ወንፊት ይደረግ። ድስት በአሸዋ የሚፈትግ ሰው አሸዋው ባልዲ ውስጥ እስኪዘቅጥ ጠብቆ የላዩን ውሃ ብቻ ያፍስስ።

ከተደፈነ በኋላ ሥራው ቅደም ተከተል አለው፤ ሲዘለል ነው ገንዘብ የሚባክነው። የእናንተ ሽንት ቤት ብቻ ከዘገየ ችግሩ የራሳችሁ ቅጥያ ላይ ነው። የላይኛው ጎረቤት ሲለቅ የእናንተ ሽንት ቤት ከጎረጎረ ቀጥ ያለው የጋራ ቱቦ እየጠበበ ነው። ማንም ሳይጠቀም ግራውንድ ላይ ከፈሰሰ ደግሞ አግድም መስመሩ ሞቷል። በዚህ ጊዜ ማንሆሎቹን ከብሎኩ ጀምሮ ወደ ውጪ አንድ በአንድ መክፈት ነው። ሞልቶ የቆመና ቀጥሎ ደረቅ የሆነ ታገኛላችሁ፤ ድፍኑ በሁለቱ መካከል ነው። የሚገፋው ከደረቁ ማንሆል ወደ ሙሉው ነው። ብዙዎች የሚጠቀሙት 6 ሚሊ ፌሮ ነው፤ የፌሮ ጫፍ ግን ፕላስቲክ ቱቦውን እየበሳ ሌላ ዕዳ ያመጣል። ከ10 እስከ 15 ሜትር የሆነ፣ በጥቅል የሚሸጥ ጥቁር የውሃ ቧንቧ ጫፉ በጨርቅ ተጠቅልሎ ቢገባ የተሻለ ይታጠፋል፣ ቱቦውንም አይጎዳም። የሚገፋው ሰው ከማንሆሉ አፍ ፊት ለፊት ሳይሆን ከጎን ይቁም፤ ድፍኑ ሲለቅ የተጠራቀመው ሁሉ በአንድ ጊዜ ይመጣል። የወጣውን ጨርቅና ዳይፐር እዚያው በመንጠቆ ማንሳት ግድ ነው፤ ካለፈ የሚቀጥለውን ማንሆል ይደፍናል። ከዚያ ከግራውንድ ሽንት ቤት አምስት ስድስት ጀሪካን ውሃ በተከታታይ ይደፋ።

አንድ ነገር በጥብቅ፦ ወደ ጥልቅ ማንሆል ወይም ወደ ሴፕቲክ ታንክ ማንም አይውረድ። ውስጡ የሚጠራቀመው ጋዝ በጥቂት ትንፋሽ ሰው ይጥላል፤ ሊያወጣው የወረደውም እዚያው ይቀራል። ለዚህ ሥራ በቀን ሒሳብ ልጆችን የሚያስወርድ ኮሚቴ ካያችሁ ተቃወሙ። ሴፕቲክ ያለው ሳይት በመምጠጫ መኪና ነው የሚወጣለት፤ መኪናው የሚቀርብበት መንገድ በሱቅ ኮንቴይነር ተዘግቶ እንደሆነ ስትዞሩ አስተውሉ።

መብራትና ምጣድ

የእንጀራ ምጣድ 3.5 ኪሎዋት ገደማ ይወስዳል፤ በ220 ቮልት 16 አምፒር ነው። ይህ ተራ ሶኬት የሚችለው ጭነት ዳር ላይ ነው። የሚበላሸው በአንድ መልክ ነው፦ ሶኬቱ ላይ የሚሰካው ፍቼ ይላላል፣ የላላው ይሞቃል፣ ፕላስቲኩ ይቀልጣል፣ ሽቦው ይጠቁራል። ፍቼው ከጋገራችሁ በኋላ ለእጅ የሚፋጅ ከሆነ ምልክቱ ነው። የጠቆረውን ሽቦ አምስት ሳንቲ ያህል ቆርጦ፣ የሚያበራ መዳብ እስኪታይ ልጦ፣ አዲስ ሶኬት ላይ አጥብቆ ማሰር ይቻላል፤ ትክክለኛው ግን ለምጣዱ ብቻ 4 ሚሊ ካሬ ሽቦና የራሱ 20 አምፒር ብሬከር ያለው መስመር ነው። ብሬከሩ ደጋግሞ ሲወድቅ በትልቅ መቀየር፣ ሽቦው ሳይቀየር ከሆነ፣ እሳቱን ከብሬከሩ ወደ ግድግዳው ውስጥ ማዛወር ነው።

ምሽት 1 ሰዓት ላይ እንጀራው ዓይን አላወጣ ሲል ምጣዱ ላይ የሚፈርዱ አሉ። ጥፋቱ የቮልቴጁ ነው። ጉልበቱ በቮልቴጅ ካሬ ስለሚወርድ፣ 220 ወደ 180 ሲወርድ ምጣዱ የሚያገኘው ኃይል ሁለት ሦስተኛ ብቻ ይሆናል፤ 3.5 ኪሎዋቱ ወደ 2.3 ይወርዳል። ሊጡ ሳይበስል ይደርቃል፣ ይጣበቃል። ሁሉም ቤት በሚያበስልበት ሰዓት ይህ ስለማይቀር ከንጋቱ 11 ሰዓት ወይም ከምሽቱ 4 ሰዓት በኋላ መጋገር ሊጥም መብራትም ይቆጥባል። እንጀራ ጋግረው የሚሸጡ ሴቶች ያሉበት ብሎክ ላይ፣ በአንድ መስመር ሦስት ምጣድ ሲበራ የሁሉም ይደክማል፤ ተራ ወጥቶላቸው የሚጋግሩበት ብሎክ ሁሉም ይተርፋሉ።

ደባል ለሆነ ሰው ቆጣሪው የጠብ ምንጭ ነው። የመብራት ታሪፉ ፍጆታ በጨመረ ቁጥር የአንዱን ኪሎዋት ሰዓት ዋጋ ከፍ እያደረገ ይሄዳል፤ ዝቅተኛው እርከን እስከ 50 ኪሎዋት ሰዓት ነው። ማሞቂያውን ጨምሮ አንድ ሰዓት ከሩብ የሚፈጅ ጋገራ 4.4 ኪሎዋት ሰዓት ይበላል፤ በየሦስት ቀኑ ቢጋገር በወር 44 ነው። ለአንድ ሰው ብቻውን ከእርከኑ ሥር ይቀራል፤ ሦስት ደባሎች በአንድ ቆጣሪ በየፊናቸው ቢጋግሩ 132 ይደርሳሉ፣ ገና አምፖልና ስልክ ሳይቆጠር። ሦስቱም ሊጣቸውን አብቁተው በአንድ ቀን፣ ምጣዱ ሳይበርድ ተከታትለው ቢጋግሩ የማሞቂያውን ሩብ ሰዓት ከሦስት ጊዜ ወደ አንድ ያወርዱታል። ሒሳብ ሲካፈሉም በነፍስ ወከፍ ከማካፈል፣ ማን ስንት ጊዜ ጋገረ ብሎ ግድግዳ ላይ በተሰቀለ ወረቀት መመዝገብ ጭቅጭቅ ያስቀራል።

መብራት ሲጠፋ ከሰል ይወጣል። ከሰል በኮሪደር ወይም በበረንዳ ብቻ። 20 ካሬ ክፍል ውስጥ፣ በር ዘግቶ፣ ክረምት ላይ ለሙቀት ብሎ ከሰል አስቀምጦ መተኛት ገዳይ ነው፤ ጭሱ ካለቀም በኋላ ፍሙ መርዙን ይተፋል፣ ሽታም የለውም።

ግድግዳ፣ ጣሪያ፣ ደረጃ

የውስጥ ግድግዳው በአንዳንድ ብሎኮች አግሮስቶን ነው፤ ከሸንኮራ አገዳ ተረፈ ምርትና ከማግኒዥየም ማጣበቂያ የተሠራ ሰሌዳ። እርጥበት ይጠጣል፣ ሚስማር አይዝም። ሻወር ቤቱን የሚያዋስነው ሰሌዳ ከታች ካበጠና በእጅ ሲጫኑት ከሰጠ ቤቱ ውሃ ሲፈስበት ኖሯል። መደርደሪያ በሚስማር አትስቀሉበት፤ በሁለቱም ወገን ጣውላ አድርጎ በብሎን ማሳለፍ ነው፤ ከዚያም ቢሆን ለልብስ እንጂ ለእህል አይሁን። ከውጪ ያለው የብሎኬት ግድግዳ ደህና ነው።

አራተኛ ፎቅ ላይ የኮርኒሱን ጥግ ተመልከቱ። ቢጫ ክብ ካለ ጣሪያው ያፈሳል። ብዙ ጊዜ የጣሪያው ቆርቆሮ (ኢጋው) ራሱ ደህና ሆኖ የብሎኑ ጎማ ደርቆ ተሰነጣጥቆ ነው፤ የዛገ ብሎን ላይ ማጣበቂያ መቀባት አንድ ክረምት እንኳ አይሻገርም፣ ወፈር ባለ አዲስ ብሎን ከነጎማው መቀየር ግን ለዓመታት ይይዛል። አሸንዳ በግንቦት መጨረሻ ካልተጠረገ በሐምሌ ውሃው ወደ ግድግዳው ይመለሳል።

ደረጃው ላይ የእጅ መደገፊያውን ይዛችሁ ነቅንቁ። ከመሠረቱ የላላ መደገፊያ ጀሪካን ተሸክሞ ለሚወጣ ሰው፣ ለነፍሰ ጡር፣ በምሽት ለምትገባ ልጅ አደጋ ነው። አዛውንት ወይም ሕመምተኛ ይዛችሁ አራተኛ ፎቅ አትግቡ። አምቡላንስ ቃሬዛ የሚያዞርበት ስፋት በየመታጠፊያው ጠባብ ነው፤ ሬሳ ሲወርድም ሳጥኑ ቆሞ፣ አራት ሰው ከታች ደግፎት ነው የሚወርደው። ያን ያየ ሽማግሌ ለቀሪ ዘመኑ ግራውንድ ይመኛል።

ሰዉ

ሕንፃው እያረጀ ኑሮውን የሚይዘው ጎረቤት ነው፤ በዚህ በኩል አሮጌ ብሎክ ከአዲሱ ይበልጣል። የአራተኛ ፎቋ እናት ሥራ ስትውል የውሃ ፈረቃ ቢመጣ፣ ቁልፏ የተቀመጠላት የሦስተኛ ፎቋ እቴቴ ጀሪካኖቿን ትሞላላታለች፤ ጀሪካኑ እንዳይምታታ እጀታው ላይ ቀይ ወይም አረንጓዴ ጨርቅ ይታሰራል። ልጅ ከትምህርት ቤት ሲመለስ የት እንደሚገባ ያውቃል። እድሩ ድንኳንና ወንበር አለው፣ በየወሩ ያለማወላወል ይሰበሰባል። ኮሚቴው መዋጮ አጥቶ ሲያለቅስ እድሩ ያለችግር መሰብሰቡ አንድ ነገር ይጠቁማል፤ የማንሆሉንና የሮቶውን መዋጮ ከእድሩ ቀን ጋር ያያያዘ ብሎክ ገንዘቡ ይገኛል፣ ተከራዩም ይከፍላል፣ የት እንደገባ በአደባባይ ይነገረዋልና።

ለልብስ ማጠቢያ፣ ለእንጀራ መጋገሪያና ለእርድ ተብለው የተሠሩት የጋራ ቤቶች፣ ሰው ኮሚናል የሚላቸው፣ ክፍት ከሆኑ ሳይቱን እጥፍ ዋጋ ይሰጡታል፤ ምጣዱ ከቤት ይወጣል፣ አሸዋና ሊጥ ከቱቦው ይርቃል። ለመጋዘን ወይም ለሱቅ ተከራይተው ካገኛችኋቸው ያ ሁሉ ሥራ በየቤቱ ሻወር ቤት ውስጥ እየተሠራ ነው ማለት ነው።

ፎቁን በተመለከተ የእኔ ምርጫ ሁለተኛው ነው። ውሃ በብዙ ፈረቃ ይደርሰዋል፣ ፍሳሹ ከእሱ በታች ይፈነዳል፣ ጣሪያው የሌላ ሰው ጭንቀት ነው። አንደኛ ጥሩ ነው፤ ከሥሩ ምግብ ቤት ካለ ግን ጭሱና ዘይቱ ይከብዳል። ግራውንድ ውሃ ቀድሞ የሚያገኝ፣ ፍሳሽም ቀድሞ የሚያገኝ ነው። ሦስተኛ በግፊቱ ይወሰናል። አራተኛ ለወጣት፣ ጉልበት ላለው፣ ሌሊት መንቃት ለሚችል፤ ያውም ሮቶና ፓምፕ ባለበት ብሎክ።

ውሉ

የመኖሪያ ቤት ኪራይ ቁጥጥርና አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1320/2016 የኪራይ ዘመኑን ከሁለት ዓመት እንዳያንስ፣ ቅድሚያ ክፍያውም ከሁለት ወር እንዳይበልጥ አድርጎታል፤ ውሉም በጽሑፍ ሆኖ መመዝገብ አለበት። በዚህ ላይ በገዛ እጃችሁ ሁለት መስመር አስጨምሩ፦ ለማንሆል፣ ለሮቶና ለጣሪያ የሚወጣውን የሚከፍለው አከራዩ እንደሆነ፤ ተከራይ በአጣዳፊ ከከፈለም ደረሰኝ አቅርቦ ከኪራይ እንደሚቀነስለት። ይህን የማይፈርም አከራይ በመጀመሪያው ድፍን ስልክ አያነሳም።

ቤቱን ለማየት ሁለት ጊዜ ሂዱ፤ አንዱን በቀን፣ አንዱን ውሃ በሚመጣበት ቀን ማታ ወይም ማለዳ። በሁለተኛው ጊዜ ደላላውን አታስከትሉ። ሽንት ቤቱ ላይ አንድ ባልዲ ውሃ ደፍታችሁ እስኪወርድ ጠብቁ፣ ከዚያ ውረዱና በዚያው ረድፍ ያለውን የግራውንድ በር አንኳኩ። ማንሆሉ መጨረሻ የተከፈተው መቼ ነው፣ ማንስ ከፈለ ብላችሁ ጠይቁ። ወሩንና የደረሳቸውን መዋጮ ከነገሯችሁ ቀብዱን ክፈሉ። ወደ ውስጥ ጋብዘው በሽንት ቤታቸው ዙሪያ የተደፈደፈውን ሲሚንቶ ካሳዩአችሁ፣ አመስግናችሁ ሌላ ብሎክ ፈልጉ።